ባለ አራት ፎቋ መርከብ በፒዮሪያ ስትሪት

አማቴ አቶ ደምሴ ሁለት ጊዜ ሞተዋል። መጀመሪያ የሞቱት ደብረ ብርሃን፣ በገዛ አልጋቸው ላይ፣ ልጆቻቸው ከበዋቸው ነው። ይህ ከሆነ ሠላሳ ዓመት አልፎታል። ሁለተኛ የሞቱት እዚህ አውሮራ፣ ኮሎራዶ፣ በስልክ ነው። በስልክ የገደልኳቸው እኔ ነኝ።

እንዴት እንደሆነ ልንገራችሁ፤ ግን አትቸኩሉብኝ። ባለቤቴ ካረፈ ወዲህ ሁሉ ነገሬ ዝግ ብሏል። ድሮ በአንድ ከሰዓት የምጨርሰውን ደብዳቤ አሁን ሳምንት ሙሉ እይዘዋለሁ። አንድ ዐረፍተ ነገር ጽፌ ሻይ እጥዳለሁ፤ ሻዩ ይገነፍላል፤ ምድጃ ስወለውል የጀመርኩት ሐሳብ ይጠፋኛል። ይህች ወግ የበላችውን የሻይ ቅጠል ብዛት አትጠይቁኝ።

ማክሰኞ ነበር። ዴንቨር ውስጥ በአንድ የአረጋውያን መጦሪያ የልብስ ማጠቢያ ክፍል ነው የምሠራው። ቀኑን ሙሉ የሰው አንሶላ ሳጥፍ ውዬ ገብቼ፣ የራሴን አንሶላ ለማጠፍ ቁጭ እንዳልኩ ስልኩ ጮኸ። አነሳሁት። ድምፁ ለስለስ ያለ፣ ትሑት የሆነ ፈረንጅ ሽማግሌ ነው።

«ሚስተር ደምሴን ማግኘት እችላለሁ?»

«ሚስተር ደምሴ ሞተዋል» አልኩት።

«ኦ! በጣም አዝናለሁ። መቼ?»

«ሠላሳ ዓመት አልፏቸዋል።»

የወረቀት መገላበጥ ሰማሁ።

«ማም፣ አምና በሚያዝያ ከሚስተር ደምሴ ጋር ተጨባብጠናል እኮ።»

«አይቻልም» አልኩት፤ ደግሞም በሙሉ እርግጠኝነት። «እሳቸው ከደብረ ብርሃን ወጥተው አያውቁም። የበረሳን ወንዝ ሲሻገሩ እንኳ ዓይናቸውን ይጨፍኑ ነበር።»

ሽማግሌው እንደ በሽተኛ አባብሎ አመሰገነኝ። «እንግዲያው ስሙን ከዝርዝሩ ላይ እንሰርዘዋለን» አለ። «ሰርዙት» አልኩና ወደ አንሶላዬ ተመለስኩ። እንዲያውም የሞቱትን ሰው ስም ማጥራቴ ትንሽ ደስ ብሎኝ ነበር።

አሁን ትስቁብኛላችሁ። ሃያ ዓመት ሊሞላኝ ነው እዚህ አገር። የአባት ስም እዚህ የሰውየው ዋና ስም እንደሚሆን ጠፍቶኝ አይደለም። የመብራት ኃይሉም፣ የጥርስ ሐኪሙም፣ ስልክ ሻጩም ባለቤቴን ሲጠሩት አባቱን ነው የሚጠሩት። ለምጄው ኖሬያለሁ። ግን ሐዘን የሰውን ጭንቅላት ወደ መጀመሪያው ቋንቋው ይመልሰዋል መሰለኝ። ያ ሽማግሌ በዚያ በለሰለሰ ድምፁ «ደምሴ» ሲለኝ የመጡልኝ ነጭ ካባ የደረቡት አማቴ ናቸው።

ማታ ልጄ ሊዲያ ከኮሌጅ ስትገባ የሆነውን እንደ ጨዋታ ነገርኳት። ቦርሳዋን ጣለችው።

«ማሚ! ሚስተር ደምሴ እኮ ዳዲ ነው!»

«አባትሽማ ጌታነህ ነው።»

«ላስት ኔሙ! ኦ ማይ ጋድ! ማሚ፣ ግራንድፓን ገድለሽ ዳዲን ካንስል አደረግሽው!»

እዚያው አንሶላው ላይ ተቀመጥኩ። ምን እንደሰረዝኩ ያን ጊዜ ገባኝ።

ጌታነህ ዴንቨር መሀል ከተማ በአንድ የመኪና ማቆሚያ፣ የመስታወት ጎጆ ውስጥ ተቀምጦ አሥራ ሰባት ዓመት ሠርቷል። አንድ ቀን አንድ ደንበኛ መኪናውን ሲያጸዳ አንድ ወፍራም መጽሐፍ ቆሻሻ ቅርጫት ውስጥ ወርውሮ ሄደ። ጌታነህ አነሳው። ስለ ስፔን የጦር መርከቦች ነበር። ሰውየው የእግር ኳስ መጽሐፍ ጥሎ ቢሆን ኖሮ ኑሮዬ ሌላ በሆነ ነበር፤ ግን የጣለው ያንን ነው። ከዚያ ቀን ጀምሮ እኔ የኖርኩት ከአንድ ባልና ከአንድ ባሕር ኃይል ጋር ነው።

እራት ላይ ማንኪያዎቹ ስፔን ናቸው፤ ሹካዎቹ እንግሊዝ። አንዱን ከኋላ አንዱን ከፊት በሰልፍ ይደረድርና መድፍ የሚተኮሰው ከጎን ስለሆነ መርከቦች ለምን ተከታትለው እንደሚዋጉ ያስረዳኛል። የጨው ዕቃው ከአሜሪካ ብር ጭኖ የሚመለስ መርከብ ነው፤ ማዕበል ሲነሳ ጨው እንፈልጋለን፣ የለም። «ስፔን መርከብ አላጣችም» ይለኛል፤ «ጫካ የሚያህል መርከብ ነበራት። ያጣችው መርከበኛ ነው። ከእስር ቤትና ከጎዳና ሰው እየለቀሙ ባሕር አይተው የማያውቁ ገበሬዎችን ምሰሶ ላይ ያወጡ ነበር፤ ምስኪኖች!» ይህን የሚለው ባሕርን በአውሮፕላን መስኮት ብቻ ያየ፣ ተራራ ላይ ተወልዶ ተራራ ሥር የሚኖር ሰው ነው። እኔም እራት ሲያልቅ የስፔንን ባሕር ኃይል ሰብስቤ በሳሙና ውሃ አሰጥመዋለሁ።

በመጨረሻም አንዷን ልሥራ አለ። ከሁሉ ትልቋን መረጠ። ሃቫና ውስጥ በኩባ እንጨት የተሠራች፣ በዘመኗ ወደር ያልነበራት፣ «ሳንቲሲማ ትሪኒዳድ» የምትባል፤ ቅድስት ሥላሴ ማለት ነው። ስትሠራ ባለ ሦስት ፎቅ ነበረች። ኋላ መድፍ አነሰን ብለው አራተኛ ፎቅ ጨመሩባት። ከዚያ ወዲያ በነፋስ መንገዳገድ ሥራዋ ሆነ፤ ፍጥነቷም የእኔ ዓይነት ነበር። «የእኛ ሰው ቤት ሲሠራ እንደሚያደርገው ነው» ይለኝ ነበር ጌታነህ፤ «መሠረቱን ሳያይ ፎቅ ይጨምራል።» በመጨረሻም ተማርካ፣ እየተጎተተች ሳለ በማዕበል ሰጠመች።

«ከስንት መርከብ ያሸነፈች አጥተህ ነው?» ብዬው አውቃለሁ።

«የክርስትና ስሜ እኮ ወልደ ሥላሴ ነው» አለኝ። ደግሞም ስፔኖች ለብዙ መርከቦቻቸው ሁለት ስም ያወጡ ነበር አለ፤ አንዱ የቅዱስ ስም፣ ሌላው በየወደቡ የሚጠሩበት። ልክ እንደ እኛ። ይህን ያወቀ ቀን ስፔኖችን ዘመድ አደረጋቸው።

ስድስት ዓመት ሠራት። አምና በሚያዝያ የመርከብ ሞዴል የሚሠሩ ሰዎች በየዓመቱ አንድ ላይብረሪ አዳራሽ የሚያዘጋጁትን ኤግዚቢሽን ሊያይ ሄደና ሲመለስ ደረጃውን እየሮጠ ወጣ። ለከርሞ ጠረጴዛ ያዙልኝ አለ። ስሜ ተጽፎ ይጠብቀኛል አለ። አስቡት፤ አሥራ ሰባት ዓመት ለሰው ቦታ ሲሰጥ የኖረ ሰው ነው። ለእሱ ቦታ ሲያዝለት ያ የመጀመሪያው ነበር። ከወር በኋላ ልቡ ቆመ።

እኔ የሰረዝኩት ያንን ቦታ ነው።

ሊዲያ በማግስቱ ደወለች። በሩ ክፍት ስለነበር ሰማኋት። «ኖ ሰር፣ ዘ አዘር ሚስተር ደምሴ… የስ፣ ሂ ኦልሶ ዳይድ… ኖ፣ ኖት ሰርቲ ይርስ…» ስልኩን ስትዘጋ ፊቷ ቀልቷል። ጠረጴዛውን ተራ ለሚጠብቅ ባለ ሰርጓጅ መርከብ ሊሰጡት ነበር። ሽማግሌው ግን አዝኖልን፣ መርከቧ ቅዳሜ ጠዋት ከአራት ሰዓት በፊት ከደረሰች ቦታው የእሷ ይሆናል ብሏል። ካልደረሰች የሰርጓጁ ነው። አንድ ሕግ ደግሞ አለ፤ ያላለቀ ሞዴል አይገባም።

መርከቧ ደግሞ አላለቀችም።

የቀራት ሁለት ነገር ነው፤ የሦስተኛው ምሰሶ ገመድና የመድፉ አረር። ገመዱ አላስፈራኝም። የዚያች መርከብ ገመድ ሁሉ ከእኔ እጅ የወጣ ነው። የሱቅ ክር ጸጉራም ነው፤ በመርከብ ልክ ሲታይ ፂም ያበቀለ ይመስላል እያለ ሲያማርር፣ ከአዲስ አበባ በሻንጣዬ ይዤው የመጣሁትን እንዝርት አውጥቼ የጥጥ ክር ፈተልኩለት። በጧፍ ሰም አሸሁት። ከዚያ ወዲያ ሌላ ክር አልነካም። አሁንም መጽሐፉ ውስጥ በእርሳስ ምልክት ያደረገበትን ሥዕል ፊቴ ዘርግቼ፣ ረቡዕንና ሐሙስን ከሥራ ፈቃድ ወስጄ፣ በቅንድብ መንቀያ ስቋጥር ዋልኩ። አሥራ አንድ ወር ያንን ጥግ በአንሶላ ሸፍኜው ነበር። ስገልጠው አለቅሳለሁ ብዬ ፈርቼ ነበር። ግን ሰው አፉ ውስጥ ክር ይዞ፣ ትንፋሹን ውጦ ቋጠሮ ሲያስገባ ማልቀስ አይመቸውም። የምትናደዱበትን ነገር ካገኛችሁ ሐዘን ጥጉን ይይዛል።

አረሩ ግን የለም።

ጌታነህ አረሩን ያገኘው ከአሮጌ የብስክሌት ኩሽኔታ ነው። ጥቃቅኖቹን የብረት ፍሬዎች አወጣ፣ ጥቁር ቀባቸውና እንዲደርቁ ወጥ ቤት በሳህን አሰጣቸው። ያ እሑድ ነበር። ሰኞ እሱ የለም። አሁን ቤቱን ገለበጥኩት፤ ሳጥኑን፣ መሳቢያውን፣ የኮቱን ኪስ። ስድሳ አረር ትነት ሆኖ ጠፋ።

ዓርብ ከሰዓት ጓደኛዬ ዘነበች መጣች። ዘነቡ ከእኔ ጋር ነው የምትሠራው፤ እሷ ጴንጤ ናት፣ እኔ ኦርቶዶክስ፤ አሥር ዓመት ስንከራከር አንዳችን ሌላዋን ፈቀቅ አላደረግናትም፤ ግን አንሶላ ስናጥፍ ጫፍና ጫፍ የምንይዘው ሁለታችን ነን።

«ስድስት ዓመት ተሠርታ ለጥቂት ጥቁር ፍሬ ትቅር?» አለች። «መጀመሪያ ግን ብዪ። ፊትሽ አመድ መስሏል። ምስሩን እኔ እሠራዋለሁ፤ መከለሻ አለሽ?»

«ቁንዶ በርበሬው ጠርሙሱ ውስጥ ነው። ፍጪው።»

ከጠርሙሱ ዘግና መፍጫው ውስጥ ጨመረችና ተጫነችው። ያን ድምፅ እንዴት ልጻፈው? ቅርርርር አለ፣ ጓ! አለ፣ ክዳኑ ተስፈንጥሮ ጣሪያ መታ፤ መፍጫው ትንሽ ጢስ ተነፈሰና ጸጥ አለ። ዘነቡ «በኢየሱስ ስም!» ብላ ወለሉ ላይ ተቀምጣለች። አንድ ጥቁር ፍሬ እየተንከባለለ መጥቶ እግሬ ሥር ቆመ። አነሳሁት። ይከብዳል።

ተያየን።

«ዘነቡ፣ በለቅሶው ሰሞን ወጥ ቤቴን የያዝሽው አንቺ ነሽ።»

ሐዘንተኛ ወጥ ቤት እንደማይገባ ታውቃላችሁ። ጎረቤትና ጓደኛ ይረከበዋል፤ ከዚያ በኋላ ወንፊትሽን ለማግኘት ስድስት ወር ይፈጃል።

«ሳህን ላይ የተሰጣ ቁንዶ በርበሬ አየሁ» አለች በቀጭኑ። «አቧራ እንዳይነካው ብዬ… ጠርሙሱ ውስጥ ከነበረው ጋር ቀላቀልኩት።» ከዚያ እጇን አፏ ላይ ጫነች። «ውይ! ውይ! የፓስተራችን ጥርስ!»

«የምን ጥርስ?»

«ለገና ምሳ ከዚህ ጠርሙስ አንድ ሲኒ ሙሉ ሰፍሬ ወስጄብሽ አልነበር? ቀይ ወጡ ውስጥ ድፍኑን ጨምሬው… ፓስተሩ ጥርሳቸው ተሰነጠቀ። እኔ ደግሞ ቅመሙን ድንጋይ ቀላቅሎ ሸጠ ብዬ ባለ ሱቁን ፒዮሪያ ድረስ ሄጄ አዋረድኩት!»

አሥራ አንድ ወር ሆዴን ይዤ አልሳቅኩም ነበር። ያን ቀን ሳቅኩ። ካፒቴን በሌለበት የስፔን መድፍ ጴንጤ ቸርች ላይ ተተኩሶ አንድ ጥርስ ጣለ።

የቀረውን ለመለየት ከፍሪጁ በር ላይ ዘነቡ የሰጠችኝን ነጭ ርግብ ያለበት ማግኔት ነቅለን ጠርሙሱ ውስጥ ነከርነው። ርግቢቱ አረር በአረር ሆና ወጣች። ቆጠርን፤ ሠላሳ አንድ። ሌላው ወይ ተፈጭቷል ወይ ተበልቷል።

«ሠላሳ አንድ አይበቃም» አልኩና ወንበር ላይ ዘፍ አልኩ። «ያላለቀ አይገባም ብለዋል።»

ዘነቡ አንድ ቁንዶ በርበሬ በግራ፣ አንድ አረር በቀኝ እጇ ይዛ ዘረጋችልኝ።

«የቱ ነው?»

መነጽሬን አድርጌም ልለየው አልቻልኩም።

«እኔን ያሳሳተ ፈረንጅን አያሳስትም?» አለች።

ሃያ ዘጠኝ ቁንዶ በርበሬ፣ ድቡልቡሉን መርጠን፣ በሙጫ ተራ በተራ ከአረሩ ጎን አስቀመጥን። መርከቧ አለቀች።

ቅዳሜ ነፋስ ሆኖ ነጋ። የኮሎራዶ ሚያዝያ እንደዚህ ነው፤ ጠዋት በረዶ፣ ቀትር ፀሐይ፣ በመሀል የቆሻሻ በርሜል የሚያስሮጥ ነፋስ። የታችኛው ፎቅ ጎረቤታችን ሙስጠፋ ቫኑን ደጅ አቁሞ ወጣ። የመርካቶ ልጅ ነው፤ ከኤርፖርት መንገደኛ ያመላልሳል።

«እትዬ፣ አያስቡ» አለኝ። «እኔ በአይሱዙ ብርጭቆ ጭኜ ደሴ ገብቻለሁ፤ አንድ አልተሰበረም። ማን ትባላለች?»

«ሥላሴ።»

ቆመ። አንዴ መርከቧን፣ አንዴ እኔን አየ።

«ከአፓርታማው ሰው ሁሉ መርጣችሁ እኔን ነው ሥላሴ የምታሸክሙኝ?»

«ሙስጠፋዬ፣ አንተን ቅር እንዳይልህ የቤት ስም እናውጣላት» አለችው ዘነቡ።

«ይሁን ግዴለም። ለጌታነህ ስል ነው። በረመዳን ደጄ ላይ ቴምር ሳያስቀምጥ ያለፈበት ዓመት የለም።» ብሎ ጫፏን ያዘ።

ነፋሱ ሸራዋን እንዳይቀድደው የጌታነህን ጋቢ አውጥቼ ሸፈንኳት፤ ፍራሽ ላይ አስቀመጥናት። እኔ በአንድ በኩል፣ ዘነቡ በሌላው በኩል ወለሉ ላይ ተቀምጠን ደገፍናት። ሊዲያ ፊት ገባች። ሙስጠፋ መርከቧ እንዳትንገዳገድ ብሎ ኢመርጀንሲ መብራቱን አበራና እየተሳበ ነዳ። እየተሳበ ስል በእውነት ነው፤ አንድ ሽማግሌ ውሻውን ይዞ በእግሩ ቀደመን።

እስቲ አሁን ውጪ ሆናችሁ እዩን። ፒዮሪያ ስትሪት ላይ መብራቱን ብልጭ ድርግም እያደረገ የሚሳብ ቫን። በኋላው መስታወት በጋቢ የተሸፈነ ረዥም ነገር። ከጎኑ ከራስ እስከ እግር ጥቁር የለበስኩ እኔ፤ ዓመት አልሞላም፣ ጥቁር አላወለቅኩም። ከወዲያ ዘነቡ ዓይኗን ጨፍና ጭንቀቷን በመዝሙር ትወጣለች።

መጀመሪያ አንድ ታክሲ ከኋላችን ገባ። ሊያልፈን ይችል ነበር፤ አላለፈም። መብራቱን እንደኛው ብልጭ ድርግም አደረገና ተከተለን። ቀጥሎ ሌላ ታክሲ። ቀጥሎ የሆስፒታል ልብስ የለበሱ ሁለት ሴቶች ያሉባት ቀይ መኪና።

«ማሚ፣ ኋይ አር ዘይ ፎሎዊንግ አስ?» አለች ሊዲያ ዞራ።

«ሙስጠፋ፣ የሚያውቁህ ናቸው?»

በመስታወቱ አየ። «አንዱን አውቀዋለሁ። ሁሉም ግን አበሻ ናቸው።» እንደገና አየ። «እትዬ… ቀብር መስለናቸው ነው።»

ላይብረሪው ጋ ስንደርስ ዘጠኝ መኪና ሆነናል። ሁሉም በሥርዓት ተደርድረው አቆሙ። ወረዱ። ባርኔጣ ያደረገ አወለቀ። የመጀመሪያው ታክሲ ነጂ፣ ጢሙ የሸበተ ሰው፣ አንገቱን ደፍቶ መጣና እጄን በሁለት እጁ ያዘ።

«እግዚአብሔር ያጽናዎት። ማን ነው የሞተው?»

«ባለቤቴ። ጌታነህ።»

«ነፍሱን ይማረው። መቼ ዐረፈ?»

«አምና።»

እጄን ሳይለቅ ቀና ብሎ አየኝ።

«አምና? ታዲያ አሁን የት እየወሰዳችሁት ነው?»

«ላይብረሪ።»

ከኋላው አንዱ ወጣት ለጓደኛው በሹክሹክታ «ሳጥኑ ለምን ጉብታ አለው ብዬህ አልነበር?» ሲለው ሰማሁ። ጋቢውን ገለጥኩት። ምሰሶዎቹ ብቅ አሉ። እኔም በአንድ ትንፋሽ ሁሉን ነገርኳቸው፤ ጠረጴዛውን፣ ስልኩን፣ አራት ሰዓትን።

ባለ ሽበቱ ሰዓቱን አየ። «ዐሥር ደቂቃ ቀርቷል» አለና ወደ ሰዎቹ ዞረ። «ምን ታያላችሁ? አንሡ እንጂ!»

አራት ታክሲ ነጂዎች ፍራሹን በአራት ማዕዘን ይዘው ትከሻቸው ላይ አወጡት። እኔ ከኋላ፣ ሰዉ ከእኔ ኋላ። አዳራሹ ውስጥ ፈረንጆቹ በየጠረጴዛቸው ላይ ጎንበስ ብለው በብሩሽ አቧራ ይጠርጉ ነበር። ሁሉም ቀና አሉ። ከዚያ አንድ በአንድ ተነሥተው ቆሙ፤ ኬፑን ያወለቀም ነበር። ለምን እንደቆሙ የሚያውቅ አልነበረም፤ ግን እንዲህ ተሸክመው ሲገቡ ሰው እንደሚቆም በየአገሩ ይታወቃል መሰለኝ። በጌታነህ ጠረጴዛ ላይ ሰርጓጁ ተዘርግቷል። ባለቤቱ አየን፣ ሰልፉን አየ፣ ማንም ሳይናገረው ሰርጓጁን በብብቱ አቅፎ ፈቀቅ አለ።

የስልኩ ሽማግሌ መጣ። ረዥምና ጎባጣ ነው። ማጉያ መነጽር አውጥቶ ምርመራውን ጀመረ። ከፊት ተነሣ። ምሰሶ፣ ሸራ፣ መድፍ። አረሩ ጋ ሲደርስ አጎነበሰ። ዘነቡ ክንዴን ጨመቀችኝ። ይበልጥ አጎነበሰ። አፍንጫው መርከቧን ሊነካ ደረሰ። ከዚያ ቀና አለ፣ ዓይኑ እንባ ሞላ፣ አፉ ተከፈተ፣ አዳራሹን የሚያናውጥ ማስነጠስ አስነጠሰ። አንዴ። ሁለቴ። ሦስቴ።

«ሥላሴ ናት!» አለ ሙስጠፋ።

ሊዲያ ወደ ሽማግሌው ጠጋ ብላ እውነቱን ሁሉ ነገረችው፤ ሳህኑን፣ ጠርሙሱን፣ የፓስተሩን ጥርስ። እኔ መሬቱን አያለሁ። አሁን «ያላለቀ አይገባም» ይላል ብዬ ስጠብቅ ሽማግሌው ትከሻው እየተንቀጠቀጠ ነው። ይስቃል። የስፔን መርከቦች አረር አጥተው ያገኙትን ሁሉ የጎረሱበት ቀን ሳይኖር አይቀርም፤ እንግዲህ ይህችኛዋ ቅመም ጎርሳለች፣ አልቃለች፣ አለ። ከዚያ ፊቱ ኮስተር አለና ሦስተኛውን ምሰሶ በጣቱ ጫፍ ነካ።

«ይህን ገመድ ከየት ገዛችሁት? ሃያ ዓመት ሙሉ ጸጉር የሌለው ገመድ ስፈልግ ነበር።»

ሊዲያ በእጇ ወደ እኔ አመለከተች።

ጠረጴዛው ላይ ትንሽ ነጭ ካርድ ቆማለች። በእንግሊዝኛ «ሚስተር ደምሴ» ይላል። ሽማግሌው ዳግም ያተመው ነው። አማቴ፣ ውሃ ሲያዩ ዓይናቸውን የሚጨፍኑት ሰውዬ፣ ባለ አራት ፎቅ የጦር መርከብ ሠሪ ሆነዋል። ሊዲያ «ላስተካክለው» አለች። ከለከልኳት። እስክሪብቶ ለመንኩና ከስማቸው በላይ በፊደላችን በትልቁ «ጌታነህ» ብዬ ጻፍኩ።

ምን እንደሆነ ልንገራችሁ። ባለቤቴን ፍታት ላይ ቄሱ የጠሩት ወልደ ሥላሴ ብለው ነው። መሥሪያ ቤቱ የሚያውቀው ደምሴ ብሎ ነው። ጌታነህ የሚለው የእኔ ብቻ እየሆነ፣ እሱም የሚሰማው ሰው ሳይኖር በባዶ ቤት ቀርቶ ነበር። አሁን ያ ባለ ሽበት ታክሲ ነጂ ጎንበስ ብሎ ካርዱን ጮክ ብሎ አነበበው፤ «ጌታነህ።» የሆስፒታል ልብስ የለበሰችው ተከተለች፤ «ጌታነህ።» ወጣቱም። ሽማግሌው ፈረንጅ ምን እንደሚሉ ጠየቀና «ጌ…ታ…ኔ» አለ። አስደገምኩት። በአራተኛው ተሳካለት።

ከዚያ አንዱ «እትዬ፣ ይቺ እዚህ ጋ ያለችው ምንድን ናት?» አለኝ። መመለስ ጀመርኩ። ለምን ከጎን እንደሚተኮስ፣ ለምን አራተኛው ፎቅ እንዳንገዳገዳት፣ ብሩን ማን እንዳሰጠመው። ማንኪያና ሹካ ባይኖር በእጄ ጣቶች ደረደርኩላቸው። የባሕር ኃይሉን ሁሉ ለካ ሳላውቀው ተሸክሜዋለሁ። ቀና ስል ሁለት ሰዓት ያህል አልፏል፤ ከእነሱ ኋላ ፈረንጆችም ቆመው ሊዲያ ታስተረጉማለች።

ሽልማት አላገኘንም። ሰርጓጁ ሦስተኛ ወጣ፤ ደስ ብሎኛል። ስንወጣ ግን ሽማግሌው መዝገቡን ይዞ ደረሰብኝ። ለከርሞ ጠረጴዛ ልያዝልዎት ወይ አለኝ። ምን እንደምሠራ አላወቅኩም፤ «ያዙልኝ» አልኩ። ስሜን ጠየቀ፤ ነገርኩት፤ ሁለተኛውን ብቻ ጻፈ። አየሁት። «ደምሴ» ከሚለው ሥር «ገብረየስ» ይላል። ገብረየስ አባቴ ናቸው። ናዝሬት ልብስ ሰፊ ነበሩ፤ አንዴ ሶደሬ ወስደናቸው ከመዋኛው ሃያ እርምጃ ርቀው ነው የተቀመጡት። ከሞቱ ብዙ ዘመን ሆነ። በሕይወታቸው ያልተገናኙ ሁለት ውሃ ፈሪ ሽማግሌዎች አውሮራ ውስጥ በመርከብ ሠሪነት ተመዘገቡ። ላርመው አሰብኩ። ተውኩት።

ባለፈው ሳምንት፣ ይህችን ወግ እዚህ አድርሼ ሻይ ስጥድ ስልኩ ጮኸ። አንድ የማላውቀው የሞዴል ሠሪዎቹ ማኅበር ሰው ነው።

«ሚስተር ገብረየስን ማግኘት እችላለሁ?»

አፌን ከፈትኩ። ያቺ ቃል ምላሴ ጫፍ ላይ ደርሳ ነበር፤ ዋጥኳት።

«አሉ» አልኩት፤ «ሥራ ላይ ናቸው።»

ስልኩን ዘግቼ እንዝርቴን አነሣሁ።